የወደቡ ክፍያ ከሾፌሩ ኪስ ለምን ይወጣል?

በአሜሪካ የወደብ አስተዳደሮች በመኪና፣ በመርከብና በመንገደኛ ላይ የሚጥሉት ክፍያ ሕጋዊ ነው፣ አይደለም የሚለው ሙግት ፍርድ ቤቶችን ለብዙ ዓመታት አነጋግሯል። ባለ ወደቦቹ በአንድ ወገን፣ የኩባንያ ማኅበራት በሌላው ወገን ቆመው፣ እውቅ ጠበቃ ገዝተው እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ድረስ ተካሰዋል። እኔ በደቡብ ሲያትል የኮንቴይነር ሾፌሮችን ሒሳብና የዓመት ግብር የምሠራ ሴት ነኝ። ፍርዶቹን ፈልጌ እንዳነብ ያስገደደኝ ደንበኞቼ በየሳምንቱ የሚያመጡልኝ ወረቀት ነው። ካነበብኳቸው በኋላም አንድ ነገር ከልቤ አልወጣ ብሏል። የማስከፈል ሥልጣን የማን እንደሆነ ዳኞቹ ተናግረዋል፤ ገንዘቡ መጨረሻ ላይ ከማን ኪስ እንደሚወጣ ግን የጠየቀ የለም። ከሚከፍሉት ውስጥ ደግሞ ወገኖቼ አሉ። (ዘመኑን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ጽፌዋለሁ።)

ሥራውን ለማያውቅ አንባቢ ላስረዳ። ከመርከብ የወረደ ኮንቴይነር ከተርሚናሉ ወደ መጋዘን ወይም ወደ ባቡር ጣቢያ የሚወሰደው በከባድ መኪና ነው። መንገዱ አጭር ነው፤ ቀኑን የሚበላው በር ላይ ያለው ሰልፍ ነው። ሾፌሩ በአንድ ኩባንያ ስምና ፈቃድ ይሠራል፤ መኪናው ግን የራሱ ነው፣ አለዚያም ከዚያው ከኩባንያው በሊዝ የወሰደው ነው። ሠራተኛ አይባልም፣ «ኢንዲፔንደንት ኮንትራክተር» ነው የሚባለው። በዓመቱ መጨረሻ ፎርም 1099 ይላክለታል፣ እሱን ይዞ ወደ እኔ ይመጣል። የሚከፈለው ባነሳው ኮንቴይነር ልክ ስለሆነ ተርሚናል በር ላይ የቆመበት ሰዓት አብዛኛውን ጊዜ ዋጋ የለውም። በሲያትልና በታኮማ ወደቦች ይህን ሥራ ከሚሠሩት መካከል ኢትዮጵያውያን፣ ኤርትራውያንና ሶማሌዎች እጅግ ብዙ ናቸው።

ሾፌሮቹ «ሴትልመንት» የሚሉት የሳምንት የሒሳብ ወረቀት አለ። ከላይ በኩል የተነሱት ኮንቴይነሮች ቁጥራቸው፣ የተነሱበት ተርሚናልና ዋጋቸው ይደረደራል። ከታች ተቀናሹ ይጀምራል፤ ነዳጅ፣ ኢንሹራንስ፣ የመኪና ሊዝ፣ የማቆሚያ ቦታ፣ ለመያዣ የሚቀመጥ ገንዘብ። አንድ የሦስት ልጆች አባት የሆነ ደንበኛዬ የዓመቱን ወረቀት በፌስታል ሞልቶ ሲያመጣልኝ ከነዳጁና ከኢንሹራንሱ ሥር «ፖርት ፊ» የሚል መስመር አየሁ። በየሳምንቱ 15 ዶላር። ሌላ ማብራሪያ የለውም።

«ይህ የምንድን ነው?» አልኩት።

«እኔስ ምኑን አውቄው እህቴ፤ ‹የወደብ ነው› አሉኝ፣ ዝም አልኩ።»

በዓመት ሲደመር 780 ዶላር ይሆናል። ወደ ኩባንያው ስደውል ስልኩን ያነሳችው ልጅ «ወደቡ ያስከፍለናል፣ ለመኪኖቹ እናካፍለዋለን» አለችኝ። ወደቡ ያስከፈለበትን ደረሰኝ እንድትልክልኝ ጠየቅኋት። እስካሁን አልመጣም። ከዚያ ወዲህ በሌሎች ደንበኞቼ ወረቀት ላይም ተመሳሳይ መስመር በተለያየ ስምና በተለያየ መጠን አይቻለሁ፤ አንዱ ጋ የምዝገባ ይባላል፣ ሌላው ጋ የበር፣ ሌላው ጋ የአካባቢ ጥበቃ። ሾፌሩ ግን ለሁሉም የሚያውቀው መልስ አንድ ነው፦ የወደብ ነው።

በዚህ ጉዳይ የአሜሪካን ሕግ ያናወጠው ሙግት የተነሳው ከሎስ አንጀለስ ነው። የሎስ አንጀለስና የሎንግ ቢች ወደቦች ጎን ለጎን ያሉ፣ በአገሪቱ በኮንቴይነር ብዛት ቀዳሚ የሆኑ ወደቦች ናቸው። ያረጁት የናፍጣ መኪኖች ጭስ የዊልሚንግተንንና የሳን ፔድሮን ነዋሪዎች ሲጎዳ ስለኖረ የአካባቢ ጥበቃ ድርጅቶች በክስ የወደቡን ማስፋፊያ አስቁመው ነበር። የሎስ አንጀለስ ወደብም በ2008 እንዲህ የሚል አዲስ ሥርዓት አወጣ። አሮጌ መኪኖች በየደረጃው ይታገዳሉ። ኮንቴይነር የሚያነሳ ኩባንያ ሁሉ ከወደቡ ጋር የፈቃድ ስምምነት ይፈርማል፤ ሲፈርም 2,500 ዶላር፣ ከዚያም ለእያንዳንዱ መኪና በዓመት 100 ዶላር ይከፍላል። ከገንዘቡ ጋር ግዴታዎችም መጡ። የአሜሪካ የጭነት ትራንስፖርት ማኅበራት ኅብረት ከእነዚህ ውስጥ አምስቱን ይዞ ተከራከረ። እነሱም መኪናው ሲያድር ከመንገድ ውጭ የሚቆምበት ቦታ እንዲኖረው፣ ጥገናው በኩባንያው ኃላፊነት እንዲሆን፣ ሕዝብ አቤት የሚልበት ስልክ በመኪናው ላይ እንዲለጠፍ፣ ኩባንያው የገንዘብ አቅሙን እንዲያሳይ፣ አምስተኛውም በተወሰኑ ዓመታት ውስጥ ሾፌሮቹ ሁሉ የኩባንያው ቅጥር ሠራተኞች እንዲሆኑ የሚሉት ነበሩ።

አምስተኛውን ልብ በሉልኝ። የወደቡ ሐሳብ አዲስና ንጹሕ መኪና ለመግዛትም ለመጠገንም አቅም ያለው ኩባንያው እንጂ ከእጅ ወደ አፍ የሚኖረው ሾፌር አይደለም የሚል ነበር። ከአምስቱ ውስጥ ወጪውን ከሁሉ ይበልጥ ከሾፌሩ ትከሻ የሚያወርደው ይኸው ነው። ቀድሞ የወደቀውም እሱ ነው። በ2011 ዘጠነኛው የይግባኝ ፍርድ ቤት ሻረው፤ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እንኳ ሳይደርስ እዚያው ቀረ። ሎንግ ቢች ደግሞ ቀድሞ በ2009 ከኅብረቱ ጋር ታርቆ ከሙግቱ ወጥቷል።

ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በሰኔ 2013 በሙሉ ድምፅ የወሰነው በሁለቱ ላይ ብቻ ነበር፤ በማቆሚያ ቦታውና በሚለጠፈው ስልክ። መነሻው ክልሎችና ከተሞች የጭነት ትራንስፖርትን ዋጋ፣ መስመርና አገልግሎት የሚነካ ሕግ እንዳያወጡ የሚከለክለው የ1994 የፌዴራል ሕግ ነው። ወደቡ «እኔ እንደማንኛውም ባለ ንብረት በግቢዬ የሚገባውን መርጬ ነው የማስገባው፤ ይህ ውል እንጂ ሕግ አይደለም» ብሎ ተከራከረ። ዳኛ ኤሌና ኬገን የጻፉት ፍርድ ይህን አልተቀበለም። ምክንያቱም ከውሉ ጀርባ የወንጀል ቅጣት ነበር። ስምምነት ያልፈረመ ኩባንያን መኪና የሚያስገባ ተርሚናል እስከ 500 ዶላር መቀጮ ወይም እስከ ስድስት ወር እስራት ይጠብቀው ነበር። ተራ ባለ ግቢ ሰው አያስርም፤ የሚያስር መንግሥት ነው፤ መንግሥት ከሆነ ደግሞ የ1994ቱ ሕግ ይይዘዋል።

ፍርዱ በሕግ ዓይን ትክክል ይመስለኛል። የወደብ አስተዳደር አንድ ጊዜ ነጋዴ፣ አንድ ጊዜ መንግሥት ሆኖ እንደተመቸው ሊለዋወጥ አይገባም። የሚያስቆጨኝ ሌላው ነው። ስለ 2,500ውና ስለ 100 ዶላሩ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ያለው የለም። በዚያ ሁሉ ዓመት ሙግት ተከራካሪዎቹ ከተማው፣ ወደቡ፣ የኩባንያዎቹ ኅብረትና የአካባቢ ጥበቃ ድርጅቶች ነበሩ። መኪናውን የሚነዳ አንድም ሰው በከሳሽነትም በተከሳሽነትም ስሙ የለም።

ከፋዩ ራሱ ሲከስ ነገሩ ምን ያህል እንደሚለወጥ የሚያሳይ ሌላ መዝገብ አለ። በኮነቲከት የብሪጅፖርት ወደብ ባለሥልጣን ወደ ሎንግ አይላንድ፣ ፖርት ጄፈርሰን በሚሻገረው ጀልባ መንገደኞች ላይ ክፍያ ጥሎ ነበር። ከጀልባው ኩባንያ ጋር አብረው የከሰሱት አንድ አበባ በጅምላ የሚያከፋፍል ድርጅትና አንድ ተሳፋሪ ናቸው። ክፍያውን ከኪሳቸው የከፈሉት ማለት ነው። ፍርድ ቤቱ የወደቡን ሒሳብ አስከፍቶ መረመረው፤ ከባለሥልጣኑ ገቢ ትልቁ እጅ ከእነዚህ መንገደኞች የሚሰበሰብ ሆኖ፣ ገንዘቡ ለእነሱ ምንም ለማይጠቅማቸው ሥራ ጭምር ሲውል ተገኘ። በ2009 ሁለተኛው የይግባኝ ፍርድ ቤት ክፍያው ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል የሚለውን ፍርድ አጸና።

ፍርድ ቤቱ ክፍያውን የለካበት መለኪያ ከዚያ በፊት የተቀመጠ ነው። በ1972 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በኢንዲያና፣ ኢቫንስቪል አውሮፕላን ማረፊያ በአንድ መንገደኛ የሚጠየቀውን 1 ዶላር ሲፈቅድ ሦስት ነገር ጠይቋል። ክፍያው ከተጠቃሚው አጠቃቀም ጋር ይቀራረባል ወይ? አድልዎ አለበት ወይ? ከሚገኘው ጥቅም ይበልጣል ወይ? በአላስካ የጁኖ ከተማ ከመርከብ ጎብኚዎች በነፍስ ወከፍ ትሰበስበው የነበረውን ገንዘብ የመርከብ ኩባንያዎች ማኅበር የከሰሰውም ከተማዋ ከመርከቦቹ ማቆሚያ ርቆ ለተሠራ የባሕር ዳር መናፈሻና ለትልቅ የዓሣ ነባሪ ሐውልት ማዋሏን ጠቅሶ ነበር። በ2018 የፌዴራል ዳኛው ገንዘቡ ለመርከቡ ለሚሰጥ አገልግሎት ብቻ ይውላል ብለው ወሰኑ። ሐሳቡ ለእኛም አገር እንግዳ አይደለም፤ የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 100 የግብር መጠን ከሚሰጠው አገልግሎት ጋር የተመጣጠነ እንዲሆን ያዛል። በጅቡቲም ሆነ በሞጆ ደረቅ ወደብ ዕቃ የሚያወጣ ነጋዴ «ይህ ክፍያ የምን አገልግሎት ነው?» ብሎ ቢጠይቅ የሚገባ ጥያቄ ነው።

እንግዲህ ይህን መለኪያ በደንበኛዬ 15 ዶላር ላይ አድርጉት። ወደቡ አገልግሎት የሰጠው ለማን ነው? ኮንቴይነሩ ውስጥ ያለው ጫማ፣ ቴሌቪዥንና የቤት ዕቃ የሾፌሩ አይደለም። መንገዱ፣ ክሬኑ፣ በሩና ንጹሑ አየር የተዘጋጀው ዕቃው እንዲያልፍ ነው። ጥቅሙ የባለ ዕቃው ከሆነ ክፍያውም የባለ ዕቃው መሆን አለበት። ይህ አይቻልም የሚል ካለ ያው ሎስ አንጀለስ ሠርቶ አሳይቷል። በ2009 ሁለቱ ወደቦች ደረጃውን ባላሟላ መኪና በሚነሳ ባለ ሃያ ጫማ ኮንቴይነር ላይ 35 ዶላር ሲጥሉ ያስከፈሉት ባለ ዕቃውን ነበር። ከሚያዝያ 2022 ጀምሮም በባለ ሃያ ጫማው 10 ዶላር፣ በባለ አርባው 20 ዶላር የሚከፍለው ባለ ዕቃው ነው። ገንዘቡ ለንጹሕ መኪና መግዣ ድጎማ ይውላል። ከሾፌሩ ሴትልመንት ጋር አይገናኝም። እኔ ትክክለኛው መንገድ ይህ ነው የምለው።

በአንጻሩ በመኪናው ወይም በኩባንያው ላይ የተጣለ የፈቃድ ክፍያ ወደ ታች መንሸራተቱ አይቀርም። ኩባንያው ከመርከብ ድርጅቱ ወይም ከባለ ዕቃው ጋር ዋጋ ተዋውሏል፤ ያን ዋጋ ከፍ ማድረግ ይከብደዋል፣ ሌላ ርካሽ ኩባንያ ይመጣበታል። ሾፌሩ ግን ሊዝ አለበት፣ ልጆች አሉት፣ መኪናውን አቁሞ አይደራደርም። ኩባንያዎቹም የራሳቸው ጭንቅ እንዳለባቸው አውቃለሁ፤ የአንዳንዶቹ ባለቤቶች የእኛው ሰዎች ናቸው፤ ትርፋቸው ቀጭን ነው ሲሉኝ አምናቸዋለሁ። ሆኖም ትርፍ ቀጭን ስለሆነ የራሴን የፈቃድ ክፍያ በሰው ደመወዝ ላይ ልጻፍ ማለት መብት አይሆንም።

ንጹሕ አየርን የምቃወም የሚመስለው ሰው እንዳይኖር። በሲያትል ከወደቡ አጠገብ ባሉት በጆርጅታውንና በሳውዝ ፓርክ ጭሱን የሚተነፍሱት ድሆችና ስደተኞች ናቸው። የሲያትልና የታኮማ ወደቦች የ2007 ወይም ከዚያ ወዲህ የተሠራ ሞተር ሲጠይቁ ዓላማውን ደግፌያለሁ። ግን ያን መኪና ለመግዛት የተበደሩት ሾፌሮቹ ናቸው። የወለዱን መጠን የማየው እኔ ነኝ፤ የግብር ወረቀታቸው ላይ የምሞላው እኔ ነኝ።

ሁሉም ሾፌር ተቀጣሪ ይሁን የሚለውም መፍትሔ ደንበኞቼን አያስማማም። በሐምሌ 2022 ኮንትራክተርነትን የሚያጠብቀውን የካሊፎርኒያ ሕግ ተቃውመው የኦክላንድን ወደብ ለቀናት ያስቆሙት ባለ መኪና ሾፌሮች ናቸው። ከእኛም ሰው መኪናውን «የራሴ ነው» ብሎ የሚኮራበት አለ፤ የታመመ ቀን የሚከፈለው ቅጥር የሚመኝም አለ። ሁለቱንም አከብራለሁ። ሁለቱንም የሚያስማማው ግን የሌላ ሰው ሒሳብ እንዳይቆረጥባቸው ነው።

ሕጉ ባዶ እጃችንን አልተወንም። ትሩዝ ኢን ሊዚንግ የሚባለው የፌዴራል ደንብ፣ በፌዴራል ደንቦች መድብል ርዕስ 49 ክፍል 376፣ ኩባንያው ከሾፌሩ ክፍያ የሚቀንሰው ነገር ሁሉ በውሉ ላይ በግልጽ እንዲጻፍ፣ መጠኑ እንዴት እንደሚሰላም እንዲገለጽ ያስገድዳል። ሾፌሩ የተቀነሰበትን ትክክለኛነት የሚያረጋግጥበት ሰነድ ቅጂ ማግኘት መብቱ ነው። ለመያዣ የተያዘው ገንዘብ ውሉ ባለቀ በ45 ቀን ውስጥ መመለስ አለበት። የደንቡ ትልቁ ቀዳዳ ሥራው ሙሉ በሙሉ በአንድ የከተማ የንግድ ቀጠና ውስጥ ብቻ የሆነን መኪና አለመሸፈኑ ነው፤ ከወደቡ ወደ ቅርብ መጋዘን ብቻ የሚመላለሰው ሾፌር ከለላው ይቀርበታል ማለት ነው። ወደቡን ከማንም በላይ የሚያገለግለውን ሰው ጥሎ የሚያልፍ ደንብ መታረም አለበት፤ የሚያርመው ደግሞ የፌዴራል መንግሥት ነው።

ወደቦቹ ግን ይህን ሳይጠብቁ ሊያደርጉ የሚችሉት አለ። የሚሰበስቡትን ክፍያ ሁሉ፣ ከማን እንደሰበሰቡና ለምን እንዳዋሉት፣ ሾፌር ሊያነበው በሚችል ቋንቋ ያውጡት። በአማርኛ፣ በትግርኛ፣ በሶማሊኛ። ያኔ ደንበኛዬ ወደቡ በዓመት ስንት እንደሚያስከፍልና ከእሱ ስንት እንደሚቆረጥ አስተያይቶ ይናገራል። አዲስ ክፍያ ሲያወጡም በኮንቴይነሩ ላይ ያድርጉት፣ ባለ ዕቃው ይክፈለው።

በ2012 መጀመሪያ የሲያትል ወደብ ሾፌሮች፣ አብዛኞቹ የምሥራቅ አፍሪካ ልጆች፣ ለሕግ አውጪዎች ለመመስከር ወደ ግዛቷ ዋና ከተማ ወደ ኦሊምፒያ ሄደው፣ ከዚያም በመቶዎች ሆነው ለሁለት ሳምንት ያህል መኪናቸውን አቁመው ነበር። ስለ ክፍያቸው፣ ስለ ተበላሸ ቻሲስና ከልክ በላይ ስለተጫነ ኮንቴይነር ተናገሩ። ከተማው በሙሉ ሰማቸው። አፍ የሌላቸው ሰዎች አይደሉም።

ስለዚህ ለሾፌር ወንድሞቼና እህቶቼ የምለው ይህን ነው። የሴትልመንት ወረቀታችሁን አትጣሉ፤ የውላችሁን ሙሉ ቅጂ በእጃችሁ አድርጉ፤ «ፖርት ፊ» የሚል መስመር ካያችሁ የወደቡን ደረሰኝ በጽሑፍ ጠይቁ፣ የጠየቃችሁበትን ቀንም መዝግቡ። ብቻችሁን አትሂዱ፣ ሦስት አራት ሆናችሁ ጠይቁ። የሲያትል ወደብ አምስት ኮሚሽነሮች የሚመረጡት በኪንግ ካውንቲ ነዋሪዎች ድምፅ ነው፤ ስብሰባቸው ክፍት ነው፣ ማንም ተመዝግቦ መናገር ይችላል። ዜግነት ያገኛችሁ በሚቀጥለው ምርጫ ድምፅ ከመስጠታችሁ በፊት ለእያንዳንዱ ተወዳዳሪ አንድ ጥያቄ አቅርቡለት፦ የወደቡን ክፍያ ከሾፌሩ ላይ አንስተህ በባለ ዕቃው ላይ ታደርገዋለህ ወይስ አታደርገውም?